የተዛነፈችው ቁልፍ

«ትከሻሽን ጣል አድርጊው» አሉ መምህር ሙሉጌታ። «አሁን ክሩን በምራቅሽ አርጥቢና ተራመጂ።»

ሂንድ ትከሻዋን ጣል አደረገች። የሌለ ክር በከንፈሯ አረጠበች፣ የሌለ መርፌ ወደ መስኮቱ ብርሃን አንስታ አንድ ዓይኗን ጨፈነች፣ ከዚያ በቀበሌው አዳራሽ መድረክ ላይ እግሯን እየጎተተች ዞረች። መዞሩ አልበቃ ብሏት በአፍንጫዋ ማንጎራጎር ጀመረች፤ በአምባሰል ቅኝት፣ ቀስ እያለች፦

«መርፌዬ ቀጭን ናት፣ ክሬም ነው አጭር፣
አንዱን ሳላዛንፍ ልብሱም አያምር።»

አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ከበሮ መቺው አብደላ ከበሮው ላይ ተደፋ። ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ አንድ ዴስክ ላይ አብራት የተቀመጠችው ጓደኛዋ ስህን ሆዷን ይዛ «ኧረ በቃሽ፣ ገደልሽን» አለቻት። መምህር ሙሉጌታ ብቻ አልሳቁም፤ ሲፈልጉት የከረሙትን ዕቃ ገበያ ላይ ድንገት እንዳገኘ ሰው ትክ ብለው አዩዋት።

«ሰፊውን የምትጫወቺው አንቺ ነሽ» አሉ። «በቃ፣ ተገኘ።»

«ይሄ እኮ አባቷ ነው» ያለ ማንም የለም። ለምን ይበል፤ ያላወቀ አልነበረማ። ሐይቅ በአንዱ ጫፍ ላስነጠሰ ሰው በሌላው ጫፍ «ይማርህ» የሚባልባት ከተማ ናት።

የሂንድ አባት እንድሪስ ልብስ ሰፊ ነው። ከደሴ ወደ ወልድያ በሚያልፈው አስፋልት ዳር፣ አንድ ሱቅ በረንዳ ላይ የስፌት መኪናውን ዘርግቶ ከጎረምሳነቱ ጀምሮ ሰፍቷል። የሰፋው ልብስ ደግሞ የትም ቢሄድ ይታወቃል። ሸሚዝም ይሁን ኮት፣ ከታች ሁለተኛዋን ቁልፍ ከሌሎቹ የተለየች ያደርጋታል፤ ሌሎቹ ነጭ ከሆኑ እሷ ቡናማ፣ ሌሎቹ ጥቁር ከሆኑ እሷ ቀይ። ከእናቱ የወረሰው ነው። «እንከን የሌለው ነገር ዓይን ይጠራል» ትለው ነበር፤ «ፍጹም አላህ ብቻ ነው፣ የሰው እጅ አንድ ቦታ ላይ ይዛነፍ።» የሐይቅ ሰውም፣ እስላሙ ለዒዱ፣ ክርስቲያኑ ለእስጢፋኖስ ንግሥ፣ ያቺን የተዛነፈች ቁልፍ ቆልፎ ሲወጣ ኖሯል። ምን ሆነ? ምንም አልሆነ።

ኋላ ግን ዘመኑ የእኩልነት ነው ተባለ፣ እኩልነቱም ወርዶ ወርዶ ቁልፍ ላይ ደረሰ። የቀበሌው ሊቀመንበር ጓድ ፈንታሁን በስብሰባ ላይ «አንዳንዱ ኋላ ቀር ልማድ ልብሳችን ላይ ሳይቀር ተሰፍቶብናል» ሲሉ ሰው ሁሉ እየሳቀ ወደ እንድሪስ ዞረ። ጓድ ፈንታሁን ራሳቸው የለበሱትን ሸሚዝ የሰፋው እንድሪስ ነበር፤ ቁልፏን ግን አስቀይረዋታል። ትምህርት ቤት ደግሞ ሂንድን «ቁልፌ» ይሏታል። ልጆቹ መንገድ ላይ ሲያገኟት ዩኒፎርሟ ላይ ያለችውን ቀይ ቁልፍ በጣታቸው ጫን ያደርጉና እንደ በር ደወል «ጥርርር» ይላሉ።

ለዚህ ያገኘችው መላ አንድ ብቻ ነበር። እነሱ ሳይስቁባት እሷ ቀድማ አባቷን እየሆነች ታስቃቸዋለች፤ ሰባተኛ ክፍል ሳለች የጀመረችው ጨዋታ ነው። ትከሻዋን ጣል አድርጋ በአፍንጫዋ ስታንጎራጉር ቁልፏን የሚነካት አይኖርም። የሚሳቅበት ከመሆን የሚያስቅ መሆን ይሻላል፤ ማን ይፈርድባታል?

ያን ሰሞን ደግሞ የከተማው ወሬ ሁሉ ቴሌቪዥን ሆኗል። ከአዲስ አበባ ቀራጮች መጥተው የአምባሰል አውራጃን የኪነት ቡድን ሊቀርጹ ነው። መፈክሩና ሰልፉ በየሄዱበት በዝቶባቸው «እባካችሁ የሚያስቅ ነገር ስጡን» ብለዋል አሉ። መምህር ሙሉጌታ ዩኒቨርሲቲ ሳሉ ኦፔራ የሚባል፣ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው በዘፈን ብቻ የሚተወን ነገር አይተው ነበርና፣ እሱን የመሰለ የሚያስቅ ኦፔራ ጻፉ።

ታሪኩ ሁሉም ሰው አንድ ዓይነት ልብስ ስለሚለብስባት ትንሽ ከተማ ነው። ሴቶቹ ሐይቁ ዳር አጥበው ሲያሰጡ የትኛው የማን እንደሆነ ይጠፋቸዋል። አንዱ ባል የሌላውን ሸሚዝ ይለብስና ሌላ ሴት ቤት ተቀምጦ እራት ይበላል። ከተማዋ ትደበላለቃለች። መጨረሻ ላይ ሕዝቡ እንደ እብድ ሲያባርረው የከረመውን ቁልፍ አዛናፊ ልብስ ሰፊ «ኧረ ቁልፍህን ስጠን» እያለ በዘፈን ይለምነዋል።

ጓድ ፈንታሁን ልምምዱን ቁጭ ብለው አዩት፤ ከልባቸው ሳቁም። ከሳቁ በኋላ «ጨዋታው ጥሩ ነው፣ መጨረሻው ግን ይገልበጥ» አሉ። «ሰፊው ይጸጸት። ሕዝብ አይሳሳትም።»

ተገለበጠ። አሁን ሰፊው በሕዝብ ፊት ተንበርክኮ የተዛነፉትን ቁልፎች አንድ በአንድ እየበጠሰ ይጥላል፣ ሕዝቡም እየከበበው ይዘፍናል፦

«ሰልፋችን እኩል ነው፣ ቁልፋችን እኩል፣
የተዛነፈውን በጥሰህ ጣል፣ ቶሎ በል።»

«የበፊቱ ይሻል ነበር» አለቻቸው ሂንድ መምህሯን፣ ልምምዱ አልቆ ወንበር ሲያነሱ።

«ይሻል ነበር» አሉ መምህር ሙሉጌታ፣ ወደ በሩ እያዩ። «እኔም ልጆች አሉኝ፣ ሂንድ። አንቺ የተሰጠሽን ዝፈኚ።»

የዚያን ዕለት ቤት ስትገባ ዩኒፎርሟ ላይ ያለችውን ቀይ ቁልፍ ቆርጣ ከጓሮ ወረወረቻት፣ በምትኩም እንደሌሎቹ ነጭ ሰፋችበት። ቴሌቪዥን የምትወጣ ልጅ «ቁልፌ» አትባልም።

ለጨዋታው ኮት ያስፈልግ ነበር፤ በሐይቅ ኮት የሚሰፋው ማን እንደሆነ ደግሞ የታወቀ ነው። ሂንድ ከትምህርት ቤት ስትመለስ በረንዳው ላይ ሄዳ ቆመች።

«አባ፣ ለቴሌቪዥኑ ኮት ይሰፋ ተብሏል። ቁልፉ ያንተው ዓይነት ይሁን ብለዋል።»

የመኪናው መርገጫ ቆመ። «የኔው ዓይነት?»

«አዎ።»

«ጓድ ፈንታሁን ያውቃሉ?»

«ያውቃሉ። አይተውታል።»

ይህስ ውሸት አልነበረም፤ ውሸቱ ከዚህ በኋላ ነው የመጣው። አባቷ መነጽሩን አውልቆ በሸሚዙ ጫፍ ጠረገና «ጨዋታው ስለምንድነው?» ብሎ ጠየቃት።

«ስለ መሠረተ ትምህርት» አለች። አፏ ላይ የመጣላት እሱ ነበር። «አንድ ሽማግሌ ማንበብ ሲማር ነው።»

«ማሻአላህ። የኔን ኮት ለብሶ ነዋ የሚማረው።» ፊቱ በርቶ ነበር። «ቁልፌ አዲስ አበባ ልትገባ ነው በይኛ። እኔ ደሴን አልፌ አላውቅ፣ እሷ ትቅደመኝ።»

ሌላውን ሥራ ሁሉ ወደ ጎን አድርጎ ኮቱን ሰፋው። ገበር አገባለት። «ሽማግሌ መነጽሩን የት ያስቀምጣል?» እያለ ከውጭ የማይታይ የውስጥ ኪስ ሠራለት። ቁልፎቹ ጥቁር ሆኑ፣ ከታች ሁለተኛዋ ብቻ ብርቱካንማ። እየሰፋ ያንጎራጉር ነበር፤ ያቺኑ፣ «መርፌዬ ቀጭን ናት» የምትለዋን። ሂንድ አጠገቡ ቆማ ቁልፎቹን ታቀብለው ነበር።

መምህር ሙሉጌታ ኮቱን አገላብጠው አዩት። «ይሄማ አያስቅም፤ የሚያምር ኮት ነው» አሉ። «ሁሉም ቁልፍ የተለያየ ይሁን። ትልልቅ፣ ከሩቅ የሚታይ።»

መቀስ ያነሳችው ሂንድ ራሷ ናት። የአባቷን ቁልፎች፣ ብርቱካንማዋንም ጭምር፣ እየቆረጠች ጣለች። ከካርቶን የተቆረጡ፣ ቀይና ቢጫ ቀለም የተቀቡ፣ የሻይ ብርጭቆ አፍ የሚያካክሉ ቁልፎች ሰፋችበት። የውስጥ ኪሱን አልነካችውም፤ ማን ያየዋል ብላ።

የቀረጻው ቀን አዳራሹ የተከፈተው ለተመረጠ ሰው ብቻ ነበር፣ ልብስ ሰፊ ደግሞ አልተመረጠም። የቀራጮቹ መብራት ፊት ይለበልባል። ሂንድ ያንን ኮት ለብሳ እግሯን እየጎተተች ስትወጣ ሳቁ ከፊት ወንበር ተነስቶ እስከ በሩ ደረሰ፤ እሷም እንደ ልቧ ተጫወተች። የመንበርከኩ ቦታ ላይ ስትደርስ ግን የካሜራው ጥቁር መስታወት ፊት ለፊቷ ነበርና፣ አባቷ በዚያ በኩል ቁጭ ብሎ የሚያያት መሰላት።

የበፊቱ መጨረሻ፣ ያልተገለበጠው፣ ከነግጥሙ ከነዜማው አፏ ላይ ነበር። ቀራጮቹ «የምንቀርጸው አንዴ ብቻ ነው፣ አይደገምም» ብለዋል፤ ሳትንበረከክ ቆማ ያንን ብትዘፍነው የሚመልሳት አልነበረም። ነገር ግን ጓድ ፈንታሁን ከፊት ተቀምጠዋል። መምህር ሙሉጌታም ከመጋረጃው ኋላ እጃቸውን አጣምረው ቆመዋል። እውነቱን ለመናገር ግን ያሸነፋት እነሱን መፍራት አልነበረም። ሰው እየሳቀላት ነበር፣ ያን ሳቅ ማቋረጥ አልቻለችም። ተንበረከከች። የካርቶን ቁልፎቹን አንድ በአንድ በጠሰቻቸው። በሕይወቷ እንደዚያን ቀን ተጨብጭቦላት አያውቅም።

ቴሌቪዥኑ እስኪያሳየው ሳምንታት አለፉ። አባቷ ሊለካ የመጣውን ሁሉ «ልጄ በቴሌቪዥን ልትዘፍን ነው፤ ኮቱም የኔ ነው» ሲል ከረመ። ሰውየው ሜትሩ ወገቡ ላይ እንደተጠመጠመ «ይበጅ፣ ይበጅ» ይልና ዓይኑን ወደ አስፋልቱ ያዞራል። ሁሉም ሰምቷል፤ ለእንድሪስ የሚነግረው ግን ጠፋ።

«አንቺ፣ ንገሪው እንጂ» አለቻት ስህን። «ከሰው ፊት ከሚያየው።»

«ምን ብዬ?»

«ያው ነው፤ አባ፣ ሰፊው አንተ ነህ ብለሽ።»

«ነገ እነግረዋለሁ» አለች ሂንድ። ነገም መጣ፣ ነገም ሄደ።

ቅዳሜ ምሽት የቀበሌው ቴሌቪዥን አዳራሹ ውስጥ ጠረጴዛ ላይ ተቀመጠ። አባቷ የዒድ ኮቱን ለብሶ፣ እናቷን መሪማን አስከትሎ መጣ። የዘፋኟ አባት ነውና ከፊት አስቀመጡት። ሂንድ ከኋላ፣ ከጓደኞቿ ጋር ግድግዳ ተደግፋ ቆመች።

መጀመሪያ የመጣው ድምጿ ነው። አባቷ ድምጿን ሲሰማ ወደ መሪማ ዞሮ ፈገግ አለ። ከዚያ ኮቱ ታየ። ፊቱን ወደ ቴሌቪዥኑ መስታወት ጠጋ አደረገ፤ ዓይኑ አታሎት እንደሆነ ሊያጣራ መነጽሩን አነሳና መልሶ ደነቀረው። ከዚያ በመስታወቱ ውስጥ ያለችው ሂንድ ትከሻዋን ጣል አድርጋ መራመድ ጀመረች፣ ክሩን በምራቋ አረጠበች፣ ያቺን ዜማ ለቀቀች፣ አዳራሹም እንደዚያን ጊዜው በሳቅ ተናጋ። አብደላ እንኳ እንደ አዲስ ሳቀ።

አባቷ አልተነሳም፣ አልተቆጣም። ቀኝ እጁ ብቻ ከጉልበቱ ላይ ቀስ ብላ ተነስታ የለበሰውን የዒድ ኮት ታችኛውን ክፍል ሸፈነች። ሂንድ ከኋላው ሆና የክርኑን መታጠፍ ብቻ ነው ያየችው፤ እጁ የቱ ላይ እንዳረፈች ግን ማንም ሊነግራት አያስፈልግም ነበር። ሰፊው ተንበርክኮ ቁልፎቹን ሲበጥስ ሕዝቡ ማጨብጨብ ጀመረ። አባቷም በሌላ እጁ ጉልበቱን እየመታ ከሕዝቡ ጋር እኩል አጨበጨበ።

ጓድ ፈንታሁን ከጎኑ ጎንበስ ብለው «አየህ አይደል እንድሪስ፣ ቴሌቪዥን ያስተምራል» አሉት።

«አየሁ፣ ጓድ» አለ።

ወደ ቤት ሲመለሱ ሦስቱም በአስፋልቱ ዳር ተከታትለው ሄዱ። መሪማ ከራሷ ጋር እንደምታወራ ሁሉ «ላም እሳት ወለደች» አለችና ተረቱን ሳትጨርሰው ተወችው። የቀረውን ሂንድ በልቧ ጨረሰችው፤ እንዳትልሰው ፈጃት፣ እንዳትተወው ልጅ ሆነባት። መሬት ተከፍታ ብትውጣት ወደደች።

ቤቱ ደጃፍ ሲደርሱ አባቷ ቆመ። «ድምፅሽ ጥሩ ነው» አለ። «አምባሰሉን በደንብ ይዘሽዋል።» የበሩን ቁልፍ በቀዳዳው ከከተተ በኋላ ደግሞ እንደገና ቆመ። «እኔ አንዷን ብቻ ነበር ያዛነፍኩት። ሁሉንም ያዛነፈው ማነው?»

«እኔ ነኝ» አለች።

በሩን ከፈተና እሷ ቀድማ እንድትገባ ዘወር አለላት።

ከዚያ በኋላ የሆነውን የሐይቅ ሰው ሲያስታውስ እንደ ቀልድ ያወራዋል፤ ቀልድ ግን አልነበረም። ሰው አንድ በአንድ ሸሚዙን በክንዱ ላይ አጥፎ ወደ በረንዳው ይመጣ ጀመር። «እስቲ ይቺን ቁልፍ እኩል አድርግልኝ፣ ልጆቹ አላስቆም አሉኝ» ይላል አንዱ። የስህን አባት አምሳሉ ሳይቀሩ፣ የሠርጋቸውን ኮት ይዘው፣ ፊታቸውን አዙረው መጡ። እንድሪስ ሁሉንም ያስተናግዳል። የተዛነፈችዋን ይፈታል፣ እኩሏን ይሰፋል፣ የተፈታችዋን ከአጠገቡ ባለ ጣሳ ውስጥ ይጥላል። ጣሳው እየሞላ ሄደ። ትምህርት ቤት «ቁልፌ» ማለት ቀረ፤ አሁን ጥርርር የሚሉት በአባቷ በረንዳ ፊት እየሮጡ ነው። እንድሪስ ማንጎራጎሩንም ተወ። ሂንድ ከትምህርት ቤት ስትመለስ ከሩቅ የሚሰማት የስፌት መኪናው ጩኸት ብቻ ነበር።

የኪነት ቡድኑ ግን ተመሰገነ። ለትልቁ የአብዮት በዓል ደሴ ሄዶ እንደገና እንዲቀረጽ ታዘዘ፤ ለዚህም ለሁሉም አዲስ ካኪ ይሰፋ ተባለ። የሰፋው እንድሪስ ነው። ሂንድ የራሷን ስትቀበል ጎትታ ዘረጋችውና ከታች ሁለተኛዋን ቁልፍ ፈለገች። እንደሌሎቹ ናት።

«አባ፣ የኔም እኩል ነው?»

«እኩል ነው።»

«ዓይን ቢበላኝስ?»

ከመኪናው ቀና አላለም። «ዓይንማ በልቶን ጨርሷል» አለ።

በመሄጃቸው ጠዋት የጭነት መኪናው አስፋልቱ ዳር ቆሞ ጡሩምባውን ይነፋል። ልጆቹ ካኪያቸውን ለብሰው እየተሰለፉ ነው። ሂንድም ካኪዋን ለብሳ መጣችና፣ ሰልፉን አልፋ በረንዳው ላይ ደንበኛ የሚቀመጥበት አግዳሚ ላይ ተቀመጠች። ጣሳውን ወደ ራሷ ሳበች። ቡናማውን፣ ሰማያዊውን፣ የአምሳሉን የሠርግ ቁልፍ በጣቷ ገለጥ ገለጥ ስታደርግ አንዲት ቀይ አገኘች። ጠርዟ ላይ የተሸረፈውን ቦታ አወቀችው፤ ከጓሮ የወረወረቻት የራሷ ናት። አባቷ ከሣር ውስጥ ለቅሞ አስቀምጧታል፤ መቼ እንደሆነ አላወቀችም። ከቴሌቪዥኑ በፊት ይሁን በኋላ ልትጠይቀው ፈለገችና ተወችው።

ከታች ሁለተኛዋን ቁልፍ በጥሳ ቀይዋን መስፋት ጀመረች። የሰፊ ልጅ ሆና ስፌቷ አስቀያሚ ነው። አባቷ የስፌት መኪናውን መርገጫ አቆመ።

«ተይው» አለ። «በሰልፉ ላይ ያዩሻል። ከጭነት መኪናው ያወርዱሻል።»

«አውቃለሁ።»

«በቴሌቪዥንም አትታዪም።»

«አውቃለሁ፣ አባ።»

እጁ በልማድ ተዘርግታ የተጣመመውን ስፌት ልታቃናላት ደረሰችና መለሳት። ሂንድ ክሩን በጥርሷ በጠሰችው። ተነስታ ወደ አስፋልቱ ስትወርድ መኪናው ከኋላዋ መስፋቱን ቀጠለ፤ ዜማ ግን አልነበረም።

ከስህን አጠገብ ገብታ ቆመች። ጓድ ፈንታሁን ከሰልፉ ጫፍ ጀምረው የእያንዳንዱን ልጅ ልብስ ከላይ እስከ ታች እያዩ ይመጣሉ።

«ሂንድ» አለች ስህን፣ ከንፈሯን ሳታንቀሳቅስ። «ቁልፍሽ። እጅሽን አድርጊበት፣ ይሸፍንልሻል።»

ሂንድ እጆቿን ወደ ጎን አውርዳ ጓድ ፈንታሁንን ጠበቀቻቸው።